በባሕር ላይ የሕግ ማስከበርና የጸጥታ ጥበቃ ሥራ፦ ምንነቱ፣ የሕግ ወሰኑና የመርከበኞች መብት

ኢትዮጵያ የባሕር በር የሌላት አገር ብትሆንም የወጪና የገቢ ንግዷ አብዛኛው ክፍል የሚጓጓዘው በባሕር ነው። ዜጎቿም በአገሪቱ ሰንደቅ ዓላማም ሆነ በሌሎች አገሮች ሰንደቅ ዓላማ ሥር በሚጓዙ የንግድ መርከቦች ላይ ተቀጥረው ይሠራሉ። እነዚህ መርከቦች ከሚያልፉባቸው መስመሮች መካከል ቀይ ባሕር፣ የባብ ኤል ማንዴብ መተላለፊያና የኤደን ባሕረ ሰላጤ ይገኙበታል። ባብ ኤል ማንዴብ በጠባቡ ቦታ ስፋቱ ወደ 30 ኪሎ ሜትር ብቻ ሲሆን፣ አካባቢው የበርካታ አገሮች የጦር መርከቦች ቅኝት የሚያደርጉበት፣ የባሕር ላይ ወንበዴዎችና ሌሎች ታጣቂዎችም ጥቃት የሚያደርሱበት ነው።

በመሆኑም በባሕር ላይ ሕግ የማስከበር ሥልጣን የማን እንደሆነ፣ አንድ መርከብ በማንና በምን ሁኔታ ሊፈተሽ እንደሚችል፣ በመርከቡ ላይ ያለ ሠራተኛም ምን ግዴታና ምን መብት እንዳለው ማወቅ ያስፈልጋል። ይህ ጽሑፍ በሙያው ለመሰማራት ለሚያስቡ ዜጎች፣ በሥራ ላይ ለሚገኙ መርከበኞችና ለቤተሰቦቻቸው አጠቃላይ መረጃ ለመስጠት የተዘጋጀ ነው። ከሁሉ አስቀድሞ ሊታወቅ የሚገባው፣ በባሕር ላይ መሣሪያ የያዘ ሁሉ ሕግ አስከባሪ አለመሆኑና የሕግ አስከባሪው ሥልጣንም በሕግ የተወሰነ መሆኑ ነው።

1. የሥራው ዘርፎች

በባሕር ላይ የሚከናወነው የሕግ ማስከበርና የጸጥታ ጥበቃ ሥራ በሦስት ዋና ዋና ዘርፎች ይከፈላል።

ሀ) የባሕር ኃይል ወታደራዊ ፖሊስ፦ በጦር መርከቦችና በባሕር ኃይል ሰፈሮች ውስጥ ሥርዓት የሚያስከብር ክፍል ነው። በአሜሪካ ባሕር ኃይል ይህ ሙያ “ማስተር አት አርምስ” በመባል ይታወቃል። የዚህ ሙያ አባላት በመርከብና በሰፈር መግቢያዎች ላይ ቁጥጥር ያደርጋሉ፣ ወንጀልን ይመረምራሉ፣ በእስር ላይ ያሉ የሠራዊት አባላትን ይጠብቃሉ፣ በሠለጠኑ ውሾች ፈንጂና አደንዛዥ ዕፅ ይፈልጋሉ።

ለ) የቅኝትና የፍተሻ ቡድን፦ ከጦር መርከብ ወይም ከባሕር ጠረፍ ጠባቂ መርከብ ተነሥቶ በተጠረጠረ መርከብ ላይ በመውጣት ሰነድ፣ ጭነትና ሰው የሚፈትሽ ቡድን ነው። የአንዳንድ አገሮች ሕግ የጦር ኃይሉን ከፖሊስ ሥራ ስለሚለይ፣ በጦር መርከብ ላይ የሕግ አስከባሪ ባለሙያዎች በተጨማሪነት ይመደባሉ። ለምሳሌ በአሜሪካ የባሕር ጠረፍ ጠባቂ ቡድኖች በባሕር ኃይል መርከቦች ላይ ተሳፍረው በመሥራት፣ የማሰርና ማስረጃ የመያዝ ሥልጣን የሚጠይቀውን ተግባር እነርሱ ያከናውናሉ።

ሐ) የንግድ መርከብ የጸጥታ ሥራ፦ ይህ ሲቪል ሥራ ነው። በመርከቡ ሠራተኞች የሚከናወን ሲሆን ዓላማው አደጋን አስቀድሞ መከላከል፣ ማወቅና ማሳወቅ ነው። አብዛኞቹ ኢትዮጵያውያን መርከበኞች ከጸጥታ ሥራ ጋር የሚገናኙት በዚህ ዘርፍ ነው።

2. ሥልጣኑ የሚመነጭበት ሕግ

በባሕር ላይ የሚሠራበት መሠረታዊ ሕግ እ.ኤ.አ. በ1982 የተፈረመው የተባበሩት መንግሥታት የባሕር ሕግ ስምምነት ነው። በስምምነቱ መሠረት ማንኛውም አገር፣ የባሕር በር ያለውም ሆነ የሌለው፣ የራሱን ሰንደቅ ዓላማ የሚያውለበልቡ መርከቦችን በባሕር ላይ የማንቀሳቀስ መብት አለው። የባሕር በር ለሌላቸው አገሮች ይህ መብት ከዚያ አስቀድሞ እ.ኤ.አ. በ1921 በባርሴሎና መግለጫ ዕውቅና ያገኘ ነው።

የአንድ ባለሥልጣን ሥልጣን መርከቡ እንደሚገኝበት የባሕር ክፍል ይለያያል።

• ከጠረፍ እስከ 12 የባሕር ማይል ያለው የግዛት ባሕር የጠረፉ አገር ሉዓላዊ ግዛት ነው። ይሁን እንጂ የውጭ መርከቦች ጉዳት ሳያደርሱ የማለፍ መብት አላቸው።
• እስከ 24 የባሕር ማይል በሚደርሰው ተጓዳኝ ቀጠና የጠረፉ አገር የጉምሩክ፣ የግብር፣ የኢሚግሬሽንና የጤና ጥበቃ ሕጎቹ በግዛቱ ውስጥ እንዳይጣሱ ቁጥጥር ያደርጋል፤ በግዛቱ ውስጥ የተፈጸመ ጥሰትንም ያስቀጣል።
• እስከ 200 የባሕር ማይል የሚደርሰው ብቸኛ የኢኮኖሚ ቀጠና ደግሞ በዋናነት የዓሣና የሌላ የተፈጥሮ ሀብት መብት የሚከበርበት ነው።
• ከዚህ ውጭ ባለው ክፍት ባሕር አንድ መርከብ በመርህ ደረጃ ተጠሪነቱ ሰንደቅ ዓላማውን ለሚያውለበልብለት አገር ብቻ ነው።

ክፍት ባሕርን በሚመለከት ግን ስምምነቱ ልዩ ሁኔታዎችን አስቀምጧል። አንድ የጦር መርከብ የሌላ አገር የንግድ መርከብን ያለ ሰንደቅ ዓላማው አገር ፈቃድ አስቁሞ ሊፈትሽ የሚችለው በባሕር ላይ ውንብድና፣ በባሪያ ንግድ ወይም ባልተፈቀደ የሬዲዮ ሥርጭት ሲጠረጠር፣ መርከቡ ዜግነት የሌለው መሆኑ ሲጠረጠር፣ ወይም የሌላ አገር ሰንደቅ ዓላማ ቢሰቅልም በእርግጥ የጦር መርከቡ አገር መርከብ እንደሆነ ሲጠረጠር ነው። ጥርጣሬው መሠረት ሳይኖረው ቢቀርና መርከቡም ለጥርጣሬ ምክንያት የሚሆን ድርጊት ያልፈጸመ ከሆነ፣ ለደረሰበት ጉዳት ካሣ ሊከፈለው ይገባል። ከእነዚህ ውጭ ለሚደረግ ፍተሻ የሰንደቅ ዓላማው አገር ፈቃድ ወይም ሌላ የስምምነት መሠረት ያስፈልጋል።

በውንብድና ምክንያት መርከብን የመያዝ ሥልጣን ያላቸውም የጦር መርከቦች፣ የጦር አውሮፕላኖች፣ ወይም በመንግሥት አገልግሎት ላይ መሆናቸው በግልጽ ምልክት የሚታወቅና ለዚሁ ሥልጣን የተሰጣቸው ሌሎች መርከቦችና አውሮፕላኖች ብቻ ናቸው።

3. የፍተሻ አፈጻጸም

ፍተሻ የሚጀምረው በሬዲዮ ጥሪ ነው። የጦር መርከቡ ማንነቱን ገልጾ የመርከቡን ስም፣ የምዝገባ አገር፣ የተነሣበትንና የሚደርስበትን ወደብ፣ የጫነውን ጭነትና የሠራተኞቹን ብዛት ይጠይቃል። መልሱ በቂ ካልሆነ ፍተሻ እንደሚደረግ ያሳውቃል። ከዚያም ቡድኑ በአነስተኛ ጀልባ ቀርቦ ከመርከቡ በሚወርድ መሰላል ይወጣል። ከቡድኑ አባላት ከፊሉ የመርከቡን መምሪያ ክፍል፣ ከፊሉ የሞተር ክፍሉን ሲቆጣጠሩ፣ የተቀሩት ሠራተኞቹን በአንድ ቦታ ሰብስበው የሰነድ ማጣራት ያካሂዳሉ።

በዚህ ጊዜ ከመርከበኛው የሚጠበቀው ቀላል ነው። የመርከቡን አዛዥ ትእዛዝ ይከተላል፤ እጆቹን በሚታይ ሁኔታ ይይዛል፤ ድንገተኛ እንቅስቃሴ አያደርግም፤ ለተጠየቀው እውነተኛ መልስ ይሰጣል፤ ስለት ያለው የሥራ መሣሪያ በኪሱ ካለ አስቀድሞ ይናገራል። ከፍተሻ ቡድኑ ጋር የሚነጋገረው በመርከቡ ስም ኃላፊነት ያለበት አዛዡ ነው። ሠራተኞች በራሳቸው ፈቃድ የሚሰጡት ምልክት ወይም የሚወስዱት እርምጃ ለአደጋ ሊያጋልጥ ይችላል።

የፍተሻ ቡድን አባል ሥራ ደግሞ ከመሣሪያ ይልቅ በጥንቃቄ የሚለካ ነው። የተገኘው ዕቃ የት፣ መቼና በማን እንደተገኘ ይመዘገባል፣ ፎቶግራፍ ይነሣል፣ ታሽጎ ከእጅ ወደ እጅ የተላለፈበት ሁሉ በፊርማ ይያዛል። ይህ ሰንሰለት አንድ ቦታ ላይ ከተበጠሰ፣ በባሕር ላይ በብዙ ድካም የተያዘ ተጠርጣሪ በፍርድ ቤት በነጻ ሊለቀቅ ይችላል።

4. የኃይል አጠቃቀም ወሰን

በባሕር ላይ ሕግ ለማስከበር የሚወሰድ የኃይል እርምጃ አስፈላጊና ተመጣጣኝ ሊሆን ይገባል። መርከብን ለማስቆም አስቀድሞ የሚሰማ ወይም የሚታይ ምልክት ይሰጣል፤ ምልክቱ ካልተከበረ በመርከቡ ፊት ለፊት የማስጠንቀቂያ ተኩስን የመሳሰሉ እርምጃዎች ይወሰዳሉ። በመርከቡ ላይ ኃይል መጠቀም የሚቻለው እነዚህ ሁሉ ካልሠሩ በኋላ ሲሆን፣ ያን ጊዜም የሰው ሕይወት ለአደጋ እንዳይጋለጥ ማንኛውም ጥረት ሊደረግ ይገባል።

ይህ መርህ በግልጽ የታየው ‘ሳይጋ’ በተባለች ነዳጅ ጫኝ መርከብ ጉዳይ ነው። የሴንት ቪንሰንትና ግሬናዲንስን ሰንደቅ ዓላማ የምታውለበልበው ይህች መርከብ እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1997 በጊኒ ጠባቂ ጀልባዎች ተይዛለች። በጊዜው በተከፈተው ተኩስ በመርከቧ ላይ የነበሩ ሁለት ሰዎች ቆስለዋል። መቀመጫውን በሐምቡርግ ያደረገው ዓለም አቀፍ የባሕር ሕግ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. ሐምሌ 1 ቀን 1999 በሰጠው ፍርድ፣ ማሳደዱ የሕጉን መመዘኛ ያላሟላና የኃይል አጠቃቀሙም ከልክ ያለፈ እንደነበር አረጋግጦ ጊኒ 2,123,357 የአሜሪካ ዶላር ከነወለዱ እንድትከፍል ወስኗል። ፍርድ ቤቱ መርከቧን፣ በላይዋ ያለውን ሁሉና ሠራተኞቿን ዜግነታቸው ምንም ይሁን ምን እንደ አንድ አካል ተመልክቷል። በሌላ አገር ሰንደቅ ዓላማ ሥር የሚሠራ ኢትዮጵያዊ መርከበኛ ከዚህ ፍርድ የሚረዳው፣ የመርከቡ ባለ ሰንደቅ ዓላማ አገር ስለ እርሱም ጭምር አቤቱታ ማቅረብ እንደሚችል ነው።

5. ከመያዝ እስከ ፍርድ

በባሕር ላይ የሚከናወን የሕግ ማስከበር ሥራ የሚጠናቀቀው በየብስ ላይ፣ በፍርድ ቤት ነው። የማልታን ሰንደቅ ዓላማ የምታውለበልበው ‘ሩየን’ የተባለች የጭነት መርከብ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2023 በሶማሊያ ወንበዴዎች ተጠልፋ ከሦስት ወራት በኋላ በመጋቢት 2024 በሕንድ ባሕር ኃይል ነጻ ወጥታለች። በዘመቻው 17 መርከበኞች ከአደጋ ተርፈዋል፤ 35 ወንበዴዎችም እጃቸውን ሰጥተዋል። ባሕር ኃይሉ ተጠርጣሪዎቹን ወደ ሙምባይ ወስዶ ለፖሊስ አስረክቧል። የባሕር ኃይሉ ድርሻ ርክክቡ ላይ ያበቃል፤ ምርመራው፣ ክሱና ፍርዱ የሲቪል ተቋማት ሥራ ነው።

ኢትዮጵያም በዚህ ረገድ የትብብር ማዕቀፍ አባል ናት። በምዕራብ ሕንድ ውቅያኖስና በኤደን ባሕረ ሰላጤ ውንብድናን ለመከላከል እ.ኤ.አ. በጥር 2009 የወጣውን የጅቡቲ የሥነ ምግባር ደንብ ፈርማለች፤ ደንቡን በሕገ ወጥ የሰዎች ዝውውር፣ በመሣሪያ ንግድ፣ በሕገ ወጥ ዓሣ ማስገርና በሌሎች የባሕር ወንጀሎች ላይ እንዲሠራ ያሰፋውን እ.ኤ.አ. የ2017 የጅዳ ማሻሻያም ፈርማለች። እ.ኤ.አ. በ1996 ፈርሶ የነበረውን የኢትዮጵያ ባሕር ኃይል እንደገና የማደራጀት ሥራም እ.ኤ.አ. ከ2018 ጀምሮ በመከናወን ላይ ይገኛል።

6. በንግድ መርከብ ላይ የጸጥታ ኃላፊነት

የንግድ መርከቦች የጸጥታ አሠራር የሚመራው ዓለም አቀፍ የመርከብና የወደብ ጸጥታ ኮድ በሚባለው ሰነድ ነው። ኮዱ የጸደቀው እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2002 ሲሆን ከሐምሌ 1 ቀን 2004 ጀምሮ ተግባራዊ ሆኗል። በዓለም አቀፍ ጉዞ ላይ በተሰማሩ የመንገደኞች መርከቦች፣ 500 ግሮስ ቶንና ከዚያ በላይ በሆኑ የጭነት መርከቦች እንዲሁም እነርሱን በሚያስተናግዱ ወደቦች ላይ ተፈጻሚ ይሆናል።

በኮዱ መሠረት ሦስት የጸጥታ ደረጃዎች አሉ። ደረጃ 1 ዘወትር የሚጠበቅ መደበኛ ጥንቃቄ ነው። ደረጃ 2 ስጋት ሲጨምር ለተወሰነ ጊዜ የሚጠናከር ጥበቃ ነው። ደረጃ 3 ደግሞ ጥቃት ሊደርስ መቃረቡ ሲታወቅ የሚወሰድ ልዩ እርምጃ ነው። የመርከብን ደረጃ የሚወስነው ባለ ሰንደቅ ዓላማው አገር ነው።

እያንዳንዱ መርከብ የጸጥታ ዕቅድና ዕቅዱን በሥራ ላይ የሚያውል የጸጥታ መኮንን ሊኖረው ይገባል። መኮንኑ የመውጫና መግቢያ ቁጥጥርን፣ የተከለከሉ ክፍሎችን ጥበቃ፣ ጭነትና ስንቅ ወደ መርከቡ ሲገባ የሚደረገውን ማጣራትና ቢያንስ በየሦስት ወሩ የሚካሄደውን ልምምድ ይመራል። መርከቡ ድምፅ ሳያሰማ ለባለ ሰንደቅ ዓላማው አገር የአደጋ ምልክት የሚልክ መሣሪያም ይገጠምለታል። በጉዳዩ የመጨረሻ ውሳኔ የሚሰጠው ግን የመርከቡ አዛዥ ነው፤ ለመርከቡና ለሰው ደኅንነት የሚወስደውን ውሳኔ የመርከቡ ባለቤት ድርጅትም ሆነ ሌላ ሰው ሊያግደው አይችልም።

በአንዳንድ መርከቦች ላይ የግል ድርጅት የታጠቁ ጠባቂዎች ወይም የአንድ አገር ወታደሮች ይሳፈራሉ። የግል ጠባቂዎች የሚሠሩት ባለ ሰንደቅ ዓላማው አገር ሲፈቅድ ብቻ ሲሆን፣ ተግባራቸው መርከቡን ከጥቃት መከላከል ነው፤ ሌሎች መርከቦችን የመፈተሽ ወይም የመያዝ ሥልጣን የላቸውም። መርከበኛም መሣሪያ እንዲይዝ ወይም ከተሰጠው ሥልጠና ውጭ ከታጣቂዎች ጋር እንዲፋለም አይጠበቅበትም። ጥቃት ሲቃረብ የእርሱ ተግባር ምልክት መስጠት፣ በሮችን መዝጋትና በዕቅዱ ወደተመለከተው የመጠለያ ክፍል መግባት ነው።

7. ሕይወት የማዳን ግዴታ

የጦር መርከብም ሆነ የንግድ መርከብ አዛዥ መርከቡን፣ ሠራተኞቹንና መንገደኞቹን ለከባድ አደጋ ሳያጋልጥ በባሕር ላይ በሞት አደጋ ውስጥ ላለ ማንኛውም ሰው እርዳታ የመስጠት ግዴታ አለበት። ይህ ግዴታ የሰውየውን ዜግነት፣ ሕጋዊ ሁኔታ ወይም ባሕር ላይ የወጣበትን ምክንያት አይመለከትም። ከአፍሪካ ቀንድ ወደ የመን በጀልባ ከሚሻገሩት መካከል ብዙዎቹ ኢትዮጵያውያን በመሆናቸው ጉዳዩ በቀጥታ ዜጎችን ይመለከታል። እ.ኤ.አ. በ2000 የወጣው የስደተኞችን ሕገ ወጥ ማሻገር የሚከላከል ፕሮቶኮልም ቅጣቱን በአሻጋሪዎቹ ላይ ያደርጋል፤ ስደተኛው በመሻገሩ ብቻ በፕሮቶኮሉ በወንጀል አይጠየቅም።

8. የመርከበኞች መብት

ስጋቱ በእርግጥ ያለ ነው። ‘ጋላክሲ ሊደር’ የተባለችው መርከብ እ.ኤ.አ. በኅዳር 2023 በቀይ ባሕር በታጣቂዎች ስትያዝ 25 ሠራተኞቿ እስከ ጥር 2025 ድረስ ከአንድ ዓመት በላይ በቁጥጥር ሥር ቆይተዋል። እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2024 ደግሞ በኤደን ባሕረ ሰላጤ ‘ትሩ ኮንፊደንስ’ በተባለች መርከብ ላይ በደረሰ የሚሳይል ጥቃት ሦስት መርከበኞች ሕይወታቸውን አጥተዋል። ስለሆነም ውል ከመፈረሙ በፊት የሚከተሉትን መብቶች ማወቅ ይገባል። መብቶቹ የተመሠረቱት ኢትዮጵያም እ.ኤ.አ. በ2019 ባጸደቀችው የ2006 የባሕር ሠራተኞች ስምምነት ላይ ነው።

• መርከበኛ በውንብድና ወይም በመርከብ ላይ በሚፈጸም የትጥቅ ዘረፋ ምክንያት ታግቶ ባለበት ጊዜ የሥራ ውሉ አይቋረጥም። የውሉ ጊዜ ቢያልፍ ወይም አንደኛው ወገን የማቋረጫ ማስታወቂያ ቢሰጥም፣ ደመወዙና ሌሎች ጥቅሞቹ እስኪለቀቅና ወደ አገሩ እስኪመለስ ድረስ ይከፈላሉ። ወደ ቤተሰብ እንዲላክ የታዘዘ ክፍያም እንደ ቀድሞው ይቀጥላል። ይህ ድንጋጌ ከታኅሣሥ 26 ቀን 2020 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ የጸና ነው።
• መርከቡ ወደ ጦርነት ቀጠና የሚያመራ ከሆነና መርከበኛው ለመሄድ የማይስማማ ከሆነ፣ ወደ አገሩ የመመለስ መብት እንዲኖረው በስምምነቱ መመሪያ ተመልክቷል። ይህ ጉዳይ በሥራ ውሉ ላይ በግልጽ መስፈሩን ማረጋገጥ ያስፈልጋል።
• ሥራ ለማስቀጠር ከመርከበኛው ክፍያ መጠየቅ የተከለከለ ነው። መርከበኛው ራሱ ሊሸፍን የሚችለው የጤና ምርመራ ምስክር ወረቀት፣ የመርከበኛ መታወቂያ ደብተርና የፓስፖርት ወጪን ብቻ ነው፤ የቪዛ ወጪ የመርከቡ ባለቤት ግዴታ ነው።
• አቤቱታ ያለው መርከበኛ በመርከቡ ላይ ባለው ሥርዓት፣ ለባለ ሰንደቅ ዓላማው አገር ወይም መርከቡ በቆመበት ወደብ ለሚገኝ ባለሥልጣን ማቅረብ ይችላል። አቤቱታ በማቅረቡ ምክንያት ሊቀጣ አይገባም።

9. በሙያው ለመሰማራት

በንግድ መርከብ ላይ ለመሥራት የሚፈልግ ሰው ዕድሜው ከ16 ዓመት ያላነሰ ሊሆን፣ የጤና ምስክር ወረቀትና መሠረታዊ የደኅንነት ሥልጠና ማስረጃ ሊኖረው ይገባል። መሠረታዊ ሥልጠናው በባሕር ላይ ራስን ማዳንን፣ የእሳት አደጋ መከላከልን፣ የመጀመሪያ ሕክምና እርዳታንና የሥራ ላይ ደኅንነትን ያካትታል። በጸጥታ ረገድ ሦስት የሥልጠና እርከኖች አሉ።

• የጸጥታ ግንዛቤ ሥልጠና፣ ኮዱ በሚመለከተው መርከብ ላይ ለሚቀጠር ለማንኛውም ሠራተኛ፤
• የተመደበ የጸጥታ ተግባር ሥልጠና፣ በመርከቡ የጸጥታ ዕቅድ ሥራ ለሚሰጠው ሠራተኛ፤
• የመርከብ ጸጥታ መኮንን ሥልጠና፣ ቢያንስ 12 ወር የባሕር አገልግሎት ወይም ተመጣጣኝ አገልግሎትና የመርከብ አሠራር ዕውቀት ላለው።

በአገር ውስጥ የመርከበኞችን ብቃት የሚያረጋግጠውና ዘርፉን የሚቆጣጠረው የኢትዮጵያ ማሪታይም ባለሥልጣን ነው። በባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ሥር የሚገኘው የማሪታይም ማሠልጠኛ ተቋምና በቢሾፍቱ የሚገኘው የባቦጋያ ማሪታይምና ሎጂስቲክስ አካዳሚ በዘርፉ ያሠለጥናሉ። በባሕር ኃይል ውስጥ ማገልገል ግን ከዚህ የተለየ ወታደራዊ አገልግሎት በመሆኑ፣ ምልመላው የሚከናወነው በአገር መከላከያ ሠራዊት በኩል ነው።

10. ተገልጋዮች ልብ ሊሏቸው የሚገቡ ነጥቦች

ከመፈረም በፊት የሥራ ውሉን ሙሉ በሙሉ ማንበብ፣ መርከቡ የተመዘገበበትን አገርና የሚጓዝበትን መስመር መጠየቅ፣ የውሉንና የምስክር ወረቀቶችን ቅጂ ለቤተሰብ መተው ይገባል። ቤተሰብም የመርከቡን ስም፣ የአሠሪውን ድርጅትና የቀጣሪውን ወኪል አድራሻ በጽሑፍ መያዝ አለበት። መርከበኛው በችግር ላይ በሚወድቅበት ጊዜ መንግሥትም ሆነ ሌላ አካል ፈጥኖ ሊረዳው የሚችለው እነዚህ መረጃዎች ሲገኙ ነው።